የአንባቢያን ጥያቄ፦ ግብፅን ሳያይ ስለ ግብፅ የጻፈው ፊንላንዳዊ

ባለፈው ወር በዚህ አምድ ላይ ስለ አንድ ፊንላንዳዊ ደራሲ ሁለት መስመር ብቻ ጽፌ ነበር። ሚካ ዋልታሪ ይባላል። ከዚያ ወዲህ ስለ እሱ የሚጠይቁ ደብዳቤዎች መምጣታቸውን አላቆሙም። አንዳንዱ በቴሌግራም፣ አንዳንዱ በእጅ ተጽፎ ቢሮ ድረስ። እኔም ዛሬ ሙሉውን አምድ ለእሱ ሰጠሁት። ሰውየውን ስለምወደው ነው፣ አልደብቃችሁም። ዓመቶቹን በሙሉ በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ የእኛ ሲሆን እነግራችኋለሁ።

ሰ. ከፒያሳ

*ጋሼ፣ ብሔራዊ ቴአትር አካባቢ ከአንድ አዟሪ በ150 ብር የገዛሁት የእንግሊዝኛ መጽሐፍ አለ። ሽፋን የለውም። የመጀመሪያዎቹ ገጾችም ተገንጥለዋል። ሲኑሄ የሚባል የግብፅ ሐኪም የገዛ ሕይወቱን ይተርካል። ሦስት ቀን እንቅልፍ አሳጣኝ። ከፒያሳ የመገናኛ ታክሲ ይዤ አራት ኪሎ መውረድ ሲገባኝ እያነበብኩ መገናኛ ደረስኩ። የእርስዎን አምድ ሳነብ የዚሁ ሰው መጽሐፍ ይሆን እንዴ አልኩ። ደራሲው ግብፃዊ አይደለም ወይ?*

እሱው ነው፣ እንኳን ደስ ያለህ። በእጅህ የያዝከው «ሲኑሄ ግብፃዊው» ነው። ሽፋን ባይኖረውም 150 ብር ርካሽ ነው፤ እንዳታበድረው ብቻ።

ደራሲው ግብፃዊ አይደለም። ሚካ ዋልታሪ መስከረም 19 ቀን 1908 ሄልሲንኪ ተወለደ። ሄልሲንኪን ብዙዎቻችን የምናውቃት በ2005ቱ የዓለም አትሌቲክስ ሻምፒዮና ነው፤ ጥሩነሽ ዲባባ በ5,000ም በ10,000ም ወርቅ ያጠለቀችባት ከተማ። ዋልታሪ ሲወለድ ፊንላንድ ገና የሩሲያ ዛር ግዛት ነበረች። አባቱ ቄስና አስተማሪ ነበር። ልጁ አምስት ዓመቱ ላይ እያለ ሞተ። እናቱ ሦስት ወንዶች ልጆች ይዛ ቀረች፤ በመንግሥት መሥሪያ ቤት እየሠራች ብቻዋን አሳደገቻቸው። እንደዚህ ዓይነት እናት ያላየንበት ሰፈር የለም፤ ታሪኩ ሩቅ አገር ቢሆንም ቤቱን የማውቀው ያህል ነው የሚሰማኝ።

የቄስ ልጅ ነውና ዩኒቨርሲቲ ሲገባ ነገረ መለኮት ጀመረ። ብዙ ሳይቆይ ትቶት ወደ ፍልስፍና ዞረ፤ በ1929 ተመረቀ። ያኔ ግን ዝነኛ ደራሲ ሆኖ ነበር። የመጀመሪያ መጽሐፉ የወጣው በ1925 ነው፤ ገና ልጅ እያለ። ቀጥሎ ፓሪስ ሄዶ ሳለ የጻፈው ልቦለድ በ1928 ሲታተም ሃያ ዓመቱ ነበር። ስለ ወጣቶች፣ ስለ ጃዝ፣ ስለ ከተማ ሌሊት የጻፈው ያ መጽሐፍ አገሩ ላይ ትልቅ ወሬ ሆነ። «ችቦ ተሸካሚዎች» ከሚባሉ የዘመኑ ወጣት ጸሐፍት ጋር ይውል ነበር። መስኮቱን ለአውሮፓ ክፈቱ የሚሉ ልጆች ናቸው።

አሁን ወደ መጽሐፍህ ልምጣ። ዋልታሪ 14 ዓመቱ ላይ እያለ፣ በ1922፣ የጥንቱ ፈርዖን የቱታንክሃሙን መቃብር ተገኘ። ዓለም በሙሉ ስለ ግብፅ ሲያወራ እሱም ከዚያ ፍቅር አልዳነም። በ1930ዎቹ ስለ ፈርዖን አክናተን ቴአትር ጻፈ። አክናተን ከክርስቶስ ልደት በፊት በ14ኛው ክፍለ ዘመን የነበረ፣ የአገሩን አማልክት ሽሮ አንድ አምላክ፣ አቶንን ብቻ እናምልክ ያለ ንጉሥ ነው። ቴአትሩ መድረክ ላይ ወጣ፤ ነገሩ ግን ከልቡ አልወጣም።

ከዚያ ጦርነት መጣ። ፊንላንድ ከሶቪየት ኅብረት ጋር ሁለት ጊዜ ተዋጋች፤ ከ1939 እስከ 1940፣ እንደገና ከ1941 እስከ 1944። ዋልታሪ በነዚያ ዓመታት የሠራው በመንግሥት የመረጃ መሥሪያ ቤት ውስጥ ነው። በሌላ አነጋገር ፕሮፓጋንዳ ይጽፍ ነበር። ወሬ እንዴት እንደሚጋገር፣ ሕዝብ የትኛውን ቃል ሲሰማ እንደሚነሳ፣ የትኛው እውነት ተሸፍኖ እንደሚቀር ከወጥ ቤቱ ሆኖ አየ። አገሩ ተሸነፈች። መሬቷ ተቆረሰ፤ ከ400,000 በላይ ሰው ከካሬሊያ ተፈናቀለ።

በ1945፣ እኛ ክረምት በምንላቸው ወራት፣ እነሱ ዘንድ ሌሊቱ እንኳ በወጉ በማይጨልምበት ጊዜ፣ ሃርቶላ የምትባል ገጠር ሄዶ በሚስቱ እናት ቤት ጣሪያ ሥር ባለች ክፍል የጽሕፈት መኪናውን አስቀመጠ። በጥቂት ወራት ውስጥ ያን ሁሉ መጽሐፍ ጽፎ ጨረሰ። 15 ክፍል ያለው፣ ጡብ የሚያክል መጽሐፍ! በዚያው ዓመት ታተመ።

አንተን እንቅልፍ ያሳጣህ ይመስለኛል ይኼ ነው። ስለ ጥንት ግብፅ የሚያወራ ይመስላል፤ የሚያወራው ግን ጦርነቱ ትናንት ያለቀ፣ የማያምንበትን ሲጽፍ የኖረ ሰው ነው። ሲኑሄ በስደት ብቻውን ተቀምጦ ሲጽፍ ለነገሥታትም ለአማልክትም ብዬ አይደለም፣ ለራሴ ነው ይላል። ይቺን ቃል የጻፈው ለአምስት ዓመት ለሌላ ሲጽፍ የነበረ ሰው መሆኑን አስበህ አንብባት።

አንድ ነገር ልጨምር። የያዝከው እንግሊዝኛ በ1949 የወጣው ከሆነ ሙሉው አይደለም። የተተረጎመውም ከፊንላንድኛ ሳይሆን ከስዊድንኛ ነው፤ ያውም አጥረውት። እንደዚያም ሆኖ አሜሪካ ውስጥ በዚያ ዓመት በሰፊው ተሸጠ። የዋልታሪ ሥራዎች ዛሬ ከ40 በሚበልጡ ቋንቋዎች ይነበባሉ።

ዳ. ከአራት ኪሎ

*ለአንድ ተከታታይ ድራማ እጽፋለሁ። በሳምንት ሁለት ክፍል አስረክባለሁ። የጀመርኩት ልቦለድ አራት ዓመት ሆነው፤ 60 ገጽ ላይ ቆሟል። ጓደኞቼ ብዕርህን ሸጥክ ይሉኛል። እርስዎ ደግሞ ያ ፊንላንዳዊ የፊልም ጸሐፊም ነበር ብለዋል። እውነት አንድ ሰው ሁለቱንም መሆን ይችላል? ወይስ አንዱ ሌላውን ይበላዋል?*

ዳ.፣ ደብዳቤህን ሦስት ጊዜ አነበብኩት። ከመጡት ሁሉ የከበደኝ የአንተ ነው።

በመጀመሪያ ሰውየው ምን ምን ይሠራ እንደነበር ልንገርህ። ዋልታሪ በ1931 አገባ፤ በ1932 ሳቱ የምትባል ልጅ ወለደ፤ እሷም አድጋ ደራሲ ሆናለች። ቤተሰብ ይዞ ፊንላንድኛን በመሰለ ትንሽ ቋንቋ ውስጥ በብዕር መኖር ማለት ምን ማለት እንደሆነ አንተ ታውቀዋለህ። ስለዚህ ያገኘውን ጻፈ። ከ1936 እስከ 1938 በአንድ ሳምንታዊ መጽሔት በአዘጋጅነት ሠራ። ተረጎመ። የመጽሐፍ ሂስ ጻፈ። የሬዲዮ ድራማ ጻፈ። ለአንድ የቤት እመቤቶች መጽሔት ኪዬኩ እና ካይኩ ስለሚባሉ ሁለት ዶሮዎች በሥዕል ለሚቀርብ የልጆች ተረት ቤት እየደፋ ግጥም ይሰጥ ነበር። ሠዓሊው አስሞ አልሆ ይባላል፤ ዋልታሪ ከሥዕሉ ሥር የሚገባውን ስንኝ ይጽፋል። ያቺን ግጥም እያነበቡ ያደጉ የፊንላንድ ልጆች ብዙ ናቸው። አሁን ይኼን ብዕር መሸጥ ትለዋለህ?

ፊልሙም እንዲሁ ነው። በ1941 ቶይቮ ሳርካ ዳይሬክት ያደረገው «የተንከራታች ዋልስ» የተባለ የፍቅር ፊልም አለ። ስክሪፕቱ የዋልታሪ ነው። በጦርነት መሀል ሕዝቡ ሲኒማ ቤቱን አጥለቀለቀው። ስለ ገጠር እርሻ በ1937 የጻፈው አጭር ልቦለድም በዓመቱ ፊልም ሆኗል።

ኮሚሽነር ፓልሙ ደግሞ አለልህ። ቁጡ፣ ለባለሥልጣን የማይጎነበስ የሄልሲንኪ መርማሪ ፖሊስ። የመጀመሪያው የፓልሙ መጽሐፍ በ1939 ወጣ፤ ሁለተኛው በ1940። ከዚያ ዝም። ከ20 ዓመት በኋላ ማቲ ካሲላ የተባለ ዳይሬክተር በ1960 ሁለተኛውን፣ በ1961 ደግሞ የመጀመሪያውን ወደ ፊልም አመጣ። ዮኤል ሪኔ ፓልሙን ሆኖ ተጫወተ። አገሩ ወደደው። በ1962 ዋልታሪ ሦስተኛውን የፓልሙ መጽሐፍ አወጣ። ያኔ የ53 ዓመት ሰው ነበር፤ ከአምስት ዓመት በፊት የፊንላንድ አካዳሚ አባል ሆኖ ተሹሟል፤ አገሩ ከምታከብራቸው ጥቂት የብዕር ሰዎች አንዱ ነው። ተመልሶ የፖሊስ ታሪክ ሲጽፍ አላፈረም። ይኼ ነው ልቤን የሚነካው።

እኛስ ዘንድ ማን ነበር? ማሞ ውድነህ ጋዜጠኛ ነበሩ፤ የስለላ መጻሕፍትን እየተረጎሙ ስንቱን ወጣት አንባቢ አደረጉት። በዓሉ ግርማ መጽሔት ያዘጋጅ ነበር። ወጋየሁ ንጋቱ «ፍቅር እስከ መቃብር»ን በሬዲዮ ባይተርክ ኖሮ ስንት ቤት ሳይገባ ይቀር ነበር። ይኼን ለጓደኞችህ ንገራቸው።

አሁን አንዱ ሌላውን ይበላዋል ወይ ላልከው። እኔ እንደማምነው ያ የድራማ ሥራ ልቦለዱን ሊመግበው ይችላል። ዝም ብዬ ላጽናናህ አይደለም። መጽሐፉን ክፈትና ልከኛዋን ቦታ አሳይሃለሁ።

ሲኑሄ ወጣት ሐኪም እያለ ኔፈርኔፈርኔፈር የምትባል ሴት ታጠምደዋለች። ቤቷ ይመላለሳል። በመጣ ቁጥር አንድ ነገር ትጠይቀዋለች፤ አንድ ብቻ። ይሰጣል። በሚቀጥለው ትንሽ ከፍ ያለ ነገር። ይሰጣል። ቤቱን ሰጠ። በመጨረሻ የእናት አባቱን ቤት፣ ከዚያም ለሞታቸው ያዘጋጁትን መቃብር ፈርሞ አስረከባት። ለግብፃዊ መቃብር ምን እንደሆነ ታውቃለህ፤ ያለሱ ወዲያኛው ዓለም የለም። ሽማግሌዎቹ ይሞታሉ። ልጅየው አስከሬን የሚደርቅበት ቤት ገብቶ፣ ሰው በማይቀርበው ግም ሥራ ላይ እየዋለ፣ እናትና አባቱን በገዛ እጁ ያደርቃል። ሣጥን የለውም። በበሬ ቆዳ ጠቅልሎ ይሰፋቸውና በሌሊት ተሸክሞ ነገሥታቱ በተቀበሩበት ሸለቆ በስውር ይቀብራቸዋል።

እስቲ ይኼን እንደ ድራማ ጸሐፊ እየው። አንድ ክፍል፣ አንድ ልመና። ሁሌ ያው ቤት፣ ሁሌ ያቺው ሴት፣ ሁሌ የሚያድግ ዋጋ። ደራሲው ሲኑሄ አዘነ ብሎ አይነግርህም። የበሬውን ቆዳ ነው የሚያሳይህ። ይኼ እጅ የሰለጠነው የት ይመስልሃል? ተመልካች ሰዓት በሚያይበት፣ ትዕይንቱ ካላለቀ መጋረጃ በማይወርድበት ሥራ ላይ ነው። ዋልታሪ 26 ቴአትሮች ጽፏል። 29 ልቦለዶችም አሉት። ሁለቱ ቁጥሮች ጎን ለጎን የሚቀመጡት በአጋጣሚ አይመስለኝም።

ሌላም አለ። በ1935፣ ገና 27 ሳይሞላው፣ ደራሲ መሆን ለሚያስቡ ወጣቶች የምክር መጽሐፍ ጽፏል። ርእሱ «ደራሲ ልትሆን ነው?» እንደማለት ነው። የእጅ ሙያ ነው ብሎ የሚያምን ሰው ብቻ ነው እንዲህ ያለ መጽሐፍ የሚጽፈው።

አንድ ምክር ግን ከራሴ። እኔ ከብዙ ዓመት በፊት ለአንድ ፊልም ስክሪፕት ጽፌ ነበር። ቅድመ ክፍያዋን ተቀበልኩ፤ ቀሪው ዛሬ ነገ እየተባለ ቀረ። ፊልሙ ሲመረቅ አዳራሹ ደጃፍ ላይ ቆሜ ፖስተሩን ሳይ ስሜ የለም። በጽሑፍ የያዝኩት ውል አልነበረም፤ ሁሉም ነገር ማኪያቶ ላይ የተነጋገርነው ነው። ያ ቀን አሁንም ያመኛል። የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 ዓ.ም. አለ፤ አንብበው። ውል ሳትፈርም አንድ ክፍል እንኳ እንዳታስረክብ። ስንት ክፍል፣ በስንት ብር፣ ስምህ የት እንደሚወጣ፣ ሌላ ሰው አርሞ ሲጨምርበት የማን እንደሚባል፤ ሁሉም ወረቀት ላይ ይስፈር።

ልቦለዱስ? ድራማው የሌለበትን አንድ ቀን ምረጥ። እሑድም ይሁን ማክሰኞ። ያን ቀን ስልክህን ለእናትህ ስጣትና 61ኛውን ገጽ ጻፍ።

ት. ከካሳንቺስ፣ አሁን ሌላ ሰፈር ያለች

*ያላየሁትን አገር መጻፍ እችላለሁ? ስለ ላሊበላ ዘመን ልቦለድ ጀምሬ ላሊበላን ግን አንድም ቀን አላየሁም። መምህሬ ሳታዪ አትጻፊ አለኝ።*

ዋልታሪ ሲኑሄን ሲጽፍ ግብፅን አላያትም ነበር። ግን ከ1922ቱ የልጅነት ጉጉት እስከ 1945 ቁጠሪ። ከ20 ዓመት በላይ ሲያነብ ኖሯል፤ አንድ ቴአትርም ሞክሮበታል። ያላየውን በንባብ ስለካሰው ነው መጽሐፉ የቆመው። በኋላም ስለ ቁስጥንጥንያ በ1453 መውደቅ፣ ከሮማውያን ኃያልነት በፊት ጣሊያን ውስጥ ስለኖሩት ኢትሩስካውያን፣ ስለ ጥንቱ ክርስትና ጽፏል። በነዚያ ዘመናት ሄዶ የኖረ የለም።

ይሁንና የአንቺ ነገር ይለያል፤ ላሊበላ ሩቅ አይደለችም። ገንዘብ ስታገኚ ሂጂ፤ እስከዚያ ግን ብዕርሽን አታስቀምጪ። ገድሎቹን አንብቢ። ድንጋይ የሚጠርብ ሰው ፈልገሽ መሮው ሲመታ ምን ዓይነት ድምፅ እንደሚያወጣ፣ አቧራው የት የት እንደሚገባ ጠይቂው። ዋልታሪ የራስ ቅል የሚከፍት ሐኪም ሲያሳየን የምናምነው ስለ መሣሪያው፣ ስለ ደሙ፣ በጭንቅላቱ ውስጥ ስለሚገኘው ነገር ዝርዝሩን ስለሚያውቅ ነው።

አባባ ወ. ከቸርችል ጎዳና አካባቢ

*የ84 ዓመት ሰው ነኝ፣ ጡረታ የወጣሁ መምህር። በወጣትነቴ ፒያሳ ሲኒማ ገብቼ ስለ ፈርዖን ሐኪም የሚያሳይ የአሜሪካ ፊልም አይቻለሁ። ስክሪፕቱን የጻፈው እሱ ራሱ ነው ወይ? የልጅ ልጄ አይደለም ብላ ተከራከረችኝ።*

አባባ፣ የልጅ ልጅዎ ልክ ናት፤ እርስዎም ግን አልተሳሳቱም። ታሪኩ የእሱ ነው፣ ስክሪፕቱ ግን አይደለም። በ1954 ትዌንቲዝ ሴንቸሪ ፎክስ ነው የሠራው፤ ዳይሬክተሩ ማይክል ከርቲዝ። ስክሪፕቱን ፊሊፕ ደን እና ኬሲ ሮቢንሰን ጻፉት። ሲኑሄን ማርሎን ብራንዶ ሊሠራው ነበር፤ ትቶ ሄደና ኤድመንድ ፐርደም ገባ። ፒተር ኡስቲኖቭ የአገልጋዩን የካፕታህን ቦታ ይዞ ነበር፤ ምናልባት ያስታውሱት ይሆናል። ሙዚቃውን ጊዜ ስላጠረ ሁለት ሰው ተካፍሎ ሠራው፤ አልፍሬድ ኒውማን እና በርናርድ ኸርማን።

እኔ ፊልሙን ያየሁት ዘግይቼ ነው። ያምራል፤ ከመጽሐፉ ጋር ግን አይተካከልም። መጽሐፉ ውስጥ ያለው ምሬት ለስልሷል። ዓይንዎ ደህና ከሆነ የልጅ ልጅዎ መጽሐፉን ታንብብልዎ። ደግሞ ክርክሩን እንዳይተዉት፤ ከእርስዎ ጋር የሚከራከር ልጅ ቤት ውስጥ መኖሩ ትልቅ ነገር ነው።

ስም አልጻፈም

*ሌሊት ካልሆነ አልጽፍም። ሦስት አራት ቀን ሳልተኛ እቆያለሁ። ከዚያ ለሳምንታት ከአልጋ መነሳት ያቅተኛል። ትልልቅ ደራሲዎች ሁሉ እንዲህ ናቸው ይባላል።*

ወንድሜ ወይም እህቴ፣ ዋልታሪም እንቅልፍ ያጣ ነበር። ከባድ የመንፈስ ጭንቀትም ነበረበት፤ ሆስፒታል እስከመተኛት ያደረሰው። በፍጥነት የጻፋቸው ትልልቅ መጻሕፍት ከነዚያ ጊዜያት ጋር የተያያዙ ናቸው ብለው የሚያምኑ አሉ። እኔ ግን የማየው ሌላውን ነው። ታክሞ፣ ተኝቶ፣ ተነስቶ ነው እስከ 70 ዓመቱ የኖረው። ነሐሴ 20 ቀን 1971 ዓ.ም. በእኛ፣ በ1979 በእነሱ አረፈ። ሐኪም ጋ ሂድ ወይም ሂጂ። በዚህ ሳምንት። ደራሲነቱ የትም አይሄድም። ብቻህን መሄድ ካቃተህ ለአንድ ሰው ተናገር፤ አብሮህ ይሂድ። እንደገና ጻፍልኝ፤ እየጠበቅኩ ነው።

ህ. ከስድስት ኪሎ

*ለልምምድ ብዬ የሲኑሄን የመጀመሪያ 40 ገጽ ከእንግሊዝኛ ወደ አማርኛ መልሻለሁ። ሁለት ነገር አስቸገረኝ። የሴትየዋ ስም እና ወንዙ። ናይል ልበለው ወይስ አባይ? ናይል ስለው መጽሐፉ የፈረንጅ ይሆንብኛል፤ አባይ ስለው ደግሞ ሲኑሄ የጎጃም ሰው ይመስለኛል።*

ህ.፣ ይኼን ጥያቄ ስጠብቀው ነበር!

ከስሙ ልጀምር። በጥንት ግብፅኛ ኔፈር ማለት ውብ፣ መልካም ማለት ነው። ሴትየዋ ስሟ ሦስት ጊዜ ውብ ነው። ስሙን እንዳለ ተዪው፤ ግን መጀመሪያ በምትገባበት ቦታ ላይ እሷ ራሷ ትርጉሙን ብትናገረው አንባቢ ሁሌ ይሰማዋል። ስሟ በተጠራ ቁጥር ውብ ውብ ውብ እያለ ጆሮው ውስጥ ይደውላል፤ ያቺ ሴት ያደረገችውን ካነበበ በኋላ ደግሞ ያ ድምፅ ይቀየራል።

ወንዙን አባይ በዪው። አትፍሪ። ምክንያቴን ልንገርሽ።

ሲኑሄ አገሩን የኬም ምድር ይላታል። ግብፃውያን ራሳቸው አገራቸውን ኬሜት ይሏት ነበር፤ ጥቁሪቱ ምድር። በረሃው ቀይ፣ የእርሻው መሬት ጥቁር። ያ ጥቁር አፈር ከየት መጣ? በየዓመቱ ወንዙ ሞልቶ ሲፈስ እያነጠፈው የሚሄደው ደለል ነው። ደለሉም በአብዛኛው ከእኛ ደጋ ተጠርጎ የወረደ ነው፤ በአባይ በኩል፣ በተከዜ በኩል። የግብፅ ገበሬ የወንዙን ሙላት የሚጠብቅበት ወር እኛ ጋ ክረምቱ የሚበረታበት ነው። የአስዋን ከፍተኛ ግድብ በ1970 ተጠናቆ ደለሉን እስኪያስቀር ድረስ ለሺህ ዓመታት እንዲሁ ነበር። አባይ ማደሪያ የለው ግንድ ይዞ ይዞራል የምንለው እኮ ይኼንኑ አይተን ነው፤ እኛ ግንዱን አየን፣ እነሱ ደግሞ አፈሩን ተቀበሉ።

ስለዚህ ሲኑሄ የጎጃም ሰው ቢመስልሽ አይግረምሽ፤ እግሩ የቆመበት አፈር ከዚያ የወረደ ነው። ይኼን ለፊንላንዳዊ አንባቢ ማንም ሊነግረው አይችልም። ለእንግሊዝኛው አንባቢም እንዲሁ። አማርኛ ላይ ሲሆን ብቻ አንዲት ቃል ትበቃለች።

መጽሐፉ ውስጥ የአባይን ውኃ አንዴ የጠጣ ሰው የትም ቢሄድ ናፍቆቱ አይለቀውም የሚል ሐሳብ አለ። ሲኑሄ በስደት ሆኖ ነው የሚያስበው። እሱን ቦታ ስትደርሺ ቀስ በዪ። እንግሊዝኛውን ዝጊውና አገር ቤት ያሉ አያትሽ ስለ ምንጭ ውኃ ሲናገሩ እንዴት እንደሚሉት አስታውሺ። ከተማ መጥተው የቧንቧ ውኃ ሲጠጡ ፊታቸውን አጨማደው የሚሉትን። ያን ቃል ነው የሚፈልገው።

ሌላ አንድ ነገር። ዋልታሪ ሲኑሄ ሲናገር አረፍተ ነገሩን እንደ ጥንት መጽሐፍ በ«እና» በ«እና» እያያዘ ያስኬደዋል። እንግሊዝኛው ላይም ይታያል። ይኼን ወደ አማርኛ ስታመጪ ዕድለኛ ነሽ፤ ገድልና ዜና መዋዕል ያለው ቋንቋ ነው ያለን። «ወ» እያለ የሚወርደውን የግዕዝ አካሄድ ጆሮሽ ያውቀዋል። ግን አታብዢው። ሲኑሄ ሐኪም ነው፤ ሲያስታምም፣ ሲሰክር፣ ሲያፍር እንደማንኛችን ነው የሚያወራው። እዚያ ላይ የዛሬ አማርኛ ስጪው።

40 ገጽሽን ማየት እፈልጋለሁ። ከሁሉ በፊት ግን የበሬ ቆዳዋን ምዕራፍ ተርጉሚና እሷን ላኪልኝ። እዚያ ጋ ልጁ እናትና አባቱን ሰፍቶ ሲጨርስ በእጁ ላይ ስለሚቀረው ሽታ የምትመርጪው ቃል ምን እንደሚሆን ለማወቅ ጓጉቻለሁ።